ድፍን ሪቬት ሳይበላሽ መምታት፦ ባለ ሁለት መቀመጫ የአሉሚኒየም አውሮፕላን ለሚሠሩ ዝርዝር መመሪያ

ባለ ሁለት መቀመጫ አውሮፕላን በራሳቸው ለመሥራት ኪት፣ ማለትም የአውሮፕላኑን ክፍሎች ከነፕላኑ የያዘ ጥቅል፣ የገዙ ብዙ ሰዎች ገና ጭራው ላይ ይቆማሉ። አብዛኛውን ጊዜ የሚያስቸግራቸው ፕላኑ ሳይሆን ሪቬቱ ነው፣ ማለትም ቀዳዳ ውስጥ ገብቶ ጫፉ ሲጨፈለቅ ላሜራዎችን አንድ ላይ የሚይዘው ባለ ራስ ሚስማር። ራሱ ተጣሞ ይቀራል። ላሜራው ይጎደጉዳል። የተበላሸውን ለማውጣት ሲሞከር ቀዳዳው ይሰፋል። ከዚያ ሥራው ጥግ ይይዛል።

ብዙዎች በመዶሻው ያሳብባሉ። እኔ ግን አጥብቄ የምለው፣ ሪቬት የሚበላሸው በአብዛኛው መዶሻው ከመነሳቱ በፊት ነው። ቀዳዳው፣ የሪቬቱ ርዝመትና የላሜራዎቹ መገጣጠም ትክክል ከሆኑ መምታቱ የአንድ ሁለት ሴኮንድ ሥራ ነው። ስለዚህ እዚህ ጽሑፍ ላይ ዝግጅቱ ከመምታቱ በላይ ቦታ ይወስዳል።

መመሪያው እንደ ቫንስ አርቪ-7 እና አርቪ-14 ላሉ፣ በድፍን ሪቬት ለሚሠሩ ኪቶች ነው። እንደ አርቪ-12 ወይም ዜኒት ሲኤች 750 ያሉት በአብዛኛው ከአንድ ወገን በሚጎተት ፖፕ ሪቬት ይገጠማሉ። ለእነሱ የቀዳዳው ክፍል ይጠቅማል፤ የመምታቱ ክፍል ግን አይመለከታቸውም። የኪታችሁ ማኑዋል እዚህ ከተጻፈው ከተለየ ማኑዋሉን ተከተሉ።

ከመጀመራችሁ በፊት የሚያስፈልጉ ነገሮች

- በአየር የሚሠራ የሪቬት መዶሻ፣ ኮምፕሬሰርና የግፊት መቆጣጠሪያ። ተራ የአየር መዶሻ አይተካውም፤ የሪቬት መዶሻ ማስነሻው በጣት ጫና ልክ ኃይል ይሰጣል።
- ለእያንዳንዱ የሪቬት ዓይነት ልኩ የሆነ የመዶሻ አፍ።
- ደጋፊ ብረት፣ ማለትም ከኋላ ተይዞ የሪቬቱን ግንድ የሚጨፈልቀው። ለ2.4 ሚሊሜትር ሪቬት ከ0.9 እስከ 1.4 ኪሎ፣ ለ3.2 ሚሊሜትር ከ1.4 እስከ 1.8 ኪሎ የሚመዝን ያዙ። ፊቱ እንደ መስታወት ለስላሳ ይሁን። ጠባብ ቦታ ላይ ቱንግስተን ይመረጣል፤ ትንሽ ሆኖ ከባድ ነው።
- የእጅ መጭመቂያ፣ ማለትም ሪቬቱን ከሁለቱም ወገን ይዞ ያለ መዶሻ የሚጨፈልቅ።
- ክሌኮ፣ ማለትም ላሜራን ለጊዜው የሚይዝ ባለ ስፕሪንግ መቆንጠጫ፣ ከነፒንሳው። የብሩ ቀለም ለ2.4፣ የመዳቡ ለ3.2፣ ጥቁሩ ለ4 ሚሊሜትር ቀዳዳ ነው። ብዙ ይኑራችሁ።
- ድሪል፣ አዲስ ፑንታዎች፣ የቀዳዳ ጠርዝ ማጽጃ፣ ካሊፐር።
- የዓይን መከላከያ መነጽርና የጆሮ መከላከያ፣ ለሚመታውም ለሚደግፈውም።

አንድ ማስጠንቀቂያ ከወዲሁ። የመዶሻውን አፍ የሚይዘው ስፕሪንግ ሳይገጠም ማስነሻውን አትንኩ። አፉ ተወርውሮ ሰው ሊጎዳ ይችላል። ስፕሪንጉ ቢኖርም ወደ ባዶ አየር አትተኩሱ፤ መሞከር ከፈለጋችሁ እንጨት ላይ አስደግፉት።

ደረጃ 1፦ ሪቬቱን ለዩ፣ ርዝመቱን አስሉ

ፕላኑ ላይ "ኤኤን470ኤዲ4-4" የሚል ዓይነት ጽሑፍ ታገኛላችሁ። እንዲህ ይነበባል።

1. 470 ማለት ክብ ራስ ነው። 426 ከሆነ ራሱ ከላሜራው ጋር እኩል የሚተኛ፣ በ100 ዲግሪ የተቀረጸ ነው።
2. ኤዲ የቅይጡ ዓይነት ነው፣ 2117 አሉሚኒየም። ራሱ መሃል ላይ ትንሽ ጎድጓዳ ነጥብ አለው። ነጥብ የሌለው ለስላሳ አሉሚኒየም ነው፤ ኤዲ በተጻፈበት ቦታ ፈጽሞ አታስገቡት።
3. የመጀመሪያው 4 ውፍረቱ ነው፣ በኢንች 32ኛ። 4 ማለት 3.2 ሚሊሜትር፣ 3 ማለት 2.4 ሚሊሜትር።
4. የመጨረሻው ቁጥር ርዝመቱ ነው፣ በኢንች 16ኛ። 4 ማለት 6.35 ሚሊሜትር ነው። የክብ ራሱ ርዝመት የሚለካው ከራሱ በታች ነው። የ426ቱ ግን ራሱን ጨምሮ ነው። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው።

ርዝመቱን ለማግኘት የላሜራዎቹን ጠቅላላ ውፍረት ለኩና የሪቬቱን ውፍረት አንድ ተኩል እጥፍ ጨምሩበት። ለምሳሌ 0.8 እና 1.0 ሚሊሜትር ላሜራዎች ተደርበው 1.8 ይሆናሉ። 3.2 በ1.5 ሲባዛ 4.8 ነው። ድምሩ 6.6 ሚሊሜትር። የሚቀርበው ባለ 4 ርዝመቱ ነው።

ፕላኑ ርዝመቱን ቢነግራችሁም ራሳችሁ ፈትሹ። በጣም የረዘመ ሪቬት ሲመታ ወደ ጎን ይተኛል። ያጠረው ራስ የሚሆን ብረት አያገኝም።

ደረጃ 2፦ ቀዳዳውን አዘጋጁ

እዚህ አትቸኩሉ። ጭራውን ሙሉ ሳምንት አንድ ሪቬት ሳይመታ ብታዘጋጁት ጊዜ አላባከናችሁም።

*ምልክት አድርጉ።* በቀጭን ማርከር ብቻ። እርሳስ አትጠቀሙ፤ ግራፋይቱ አሉሚኒየሙን ያስበላዋል። በመርፌ ወይም በስለት መጫርም ክልክል ነው። ጭረት የስንጥቅ መነሻ ይሆናል፣ ላሜራውን ከዝገት የሚጠብቀውን ስስ የንጹህ አሉሚኒየም ሽፋንም ይገፋል።

*ከጠርዝ ያለውን ርቀት ለኩ።* ከቀዳዳው መሃል እስከ ላሜራው ጠርዝ ቢያንስ የሪቬቱ ውፍረት ሁለት እጥፍ ይኑር። ለ3.2 ሪቬት 6.4 ሚሊሜትር ማለት ነው። በአንድ መስመር ላይ በሁለት ሪቬቶች መካከል ደግሞ ቢያንስ ሦስት እጥፍ። ይህ ካልሞላ አትብሱ። መጀመሪያ የክፍሎቹ አቀማመጥ ትክክል መሆኑን መልሳችሁ እዩ።

*በክሌኮ ያዙና ብሱ።* ለ3.2 ሪቬት ቁጥር 30 ፑንታ ነው፣ 3.26 ሚሊሜትር። ለ2.4 ቁጥር 40 ነው፣ 2.49 ሚሊሜትር። በግምት ሌላ ፑንታ አትተኩ።

1. ክፍሎቹን ግጠሙና አንድ ቀዳዳ እየዘለላችሁ ክሌኮ ክተቱ።
2. ባዶዎቹን ቀዳዳዎች ወደ ልካቸው ብሱ። ድሪሉ ቀጥ ብሎ ይቁም፤ ፍጥነቱ ከፍ፣ የእጃችሁ ጫና ዝቅ ይበል።
3. ክሌኮዎቹን ወደ ተበሱት አዛውሩና የቀሩትን ብሱ።
4. እያንዳንዱ ክፍል ላይ የት እንደሚገባና የትኛው ጎኑ ወደ ላይ እንደሆነ ጻፉበት።

ኪታችሁ ቀድሞ የተበሳ ከሆነ ከፑንታ ይልቅ ሬመር፣ ማለትም ያለን ቀዳዳ ወደ ልኩ የሚያሰፋ መሣሪያ፣ ተጠቀሙ። ቀዳዳው የበለጠ ክብ ይሆናል።

*ፍቱና ጠርዙን አጽዱ።* አዎ፣ ሁሉንም ፍቱ። የቀዳዳው ጠርዝ ላይ የቀረ ሻካራ ቅሪትና በሁለቱ ላሜራዎች መካከል የገባ ፍርፋሪ እንዳይገናኙ ያደርጋቸዋል። ያኔ ሪቬቱ ሲመታ ክፍተቱ ውስጥ ገብቶ ያብጣል። ከላይ ሲታይ ምንም የለበትም፤ ሥራውን ግን አይሠራም። ስለዚህ የሚታየውን ጎን ብቻ ሳይሆን የተደበቁትን የውስጥ ጎኖችም አጽዱ።

ማጽጃውን በጣት እያሽከረከራችሁ አንድ ሁለት ዙር በቂ ነው። ጣታችሁን ስታሳልፉ ካልቧጠጣችሁ ተዉት። ብዙ ካዞራችሁ ቀዳዳው አፉ ይሰፋል፣ ላሜራውም ይሳሳል። የላሜራውን የውጭ ጠርዞችም በሊማና በደቃቅ የብርጭቆ ወረቀት አለስልሱ።

*ለተኙ ራሶች ቦታ አብጁ።* 426 ሪቬት ራሱ የሚቀመጥበት ጎድጓዳ ይፈልጋል። ላሜራው 0.8 ሚሊሜትር ወይም ከዚያ በታች ከሆነ ዲምፕል አድርጉት፣ ማለትም በወንድና ሴት ሞልድ ጨፍልቃችሁ አጎድጉዱት። 1 ሚሊሜትርና ከዚያ በላይ ከሆነ በካውንተርሲንክ መቅረጫ ቅረጹት። ስስ ላሜራን ብትቀርጹ ቀዳዳው ይሰፋና ጠርዙ ስለት ይሆናል። ዲምፕል የሚደረገው ቀዳዳው ወደ ልኩ ከተበሳና ጠርዙ ከጸዳ በኋላ ብቻ ነው። ያልጸዳ ቀዳዳ ሲጎደጉድ ይሰነጠቃል።

*ፕራይመር ቀቡ፣ መልሳችሁ ግጠሙ።* ከመቀባት በፊት ቅባቱን አጥባችሁ አድርቁ። ጭስ መከላከያ ማስክ ግዴታ ነው፤ አንዳንዱ ፕራይመር ለሳንባ በጣም ጎጂ ነው። ላሜራው ላይ የመጣው መከላከያ ፕላስቲክ ካለ ቢያንስ በሪቬቱ መስመር ላይ ላጡት። ለረጅም ጊዜ ከተተወ ከሥሩ እርጥበት ይይዛል።

ደረጃ 3፦ ሙከራ ላይ ግፊቱን አስተካክሉ

በየቀኑ ሥራ ስትጀምሩ እዚህ እለፉ። ተመሳሳይ ውፍረት ያላቸው ሁለት ቁርጥራጭ ላሜራዎች አዘጋጁና አንድ መስመር ሪቬት ምቱባቸው። ለ3.2 ሪቬት ከ40 ፒኤስአይ (የአየር ግፊት መለኪያ) አካባቢ፣ ለ2.4 ከ30 አካባቢ ጀምሩ። ቁጥሩ መነሻ ብቻ ነው፤ መዶሻ ከመዶሻ ይለያያል።

የምትፈልጉት ግፊት ሪቬቱን በአንድ ወይም በሁለት ሴኮንድ ወደ ልኩ የሚያመጣው ነው። ብዙ ሰው ፈርቶ ግፊቱን በጣም ይቀንሰዋል። ያ ጥንቃቄ ይመስላል፤ ግን ይጎዳል። ሪቬት በተመታ ቁጥር እየጠነከረ ስለሚሄድ ረጅም ጊዜ በቀስታ ከተቀጠቀጠ መጨፍለቁን ይተውና ራሱ ይሰነጠቃል።

ደረጃ 4፦ የሚጨመቀውን ሁሉ ጨምቁ

መጭመቂያው የሚደርስበት ቦታ ላይ መዶሻ አታንሱ። የሪብ (ለክንፍና ለጭራ ቅርጽ የሚሰጠው አጥንት) እና የስፓር (ዋናው ተሸካሚ ምሰሶ) ጠርዞች በአብዛኛው በመጭመቂያ ይሆናሉ። የፋብሪካው ራስ፣ ማለትም ሪቬቱ ይዞት የመጣው፣ መጀመሪያ ላሜራው ላይ በደንብ መቀመጡን እዩ፣ ከዚያ ቀጥ አድርጋችሁ ጨምቁ። የመጀመሪያውን ለኩ፣ መጭመቂያውን አስተካክሉ፣ ቀሪዎቹ በቃ አንድ ዓይነት ይወጣሉ።

ደረጃ 5፦ መምታት

ከመምታታችሁ በፊት ክፍሉ ጠማማ አለመሆኑን ፈትሹ። ጠፍጣፋ ጠረጴዛ ላይ አስቀምጡና ሁለቱን ጫፎች በውሃ ልክ አነጻጽሩ። ሽፋኑ ከተመታ በኋላ ጠማማው እንደተቆለፈ ይቀራል። አውሮፕላኑም ሲበር ወደ አንድ ጎን ይጎትታል።

ሥራው ሁለት ሰው ይፈልጋል፤ አንዱ ይመታል፣ ሌላው ይደግፋል። አዛዡ የሚደግፈው ነው። የሚቀረጸውን ራስ የሚያየው እሱ ብቻ ነውና።

1. ሪቬቱን ክተቱ። በጣት ጫና መግባት አለበት። ያለ መዶሻ ካልገባ ቀዳዳው ትክክል አይደለም፤ ወደ ደረጃ 2 ተመለሱ።
2. መቺው አፉን ራሱ ላይ ቀጥ አድርጎ ያሳርፍና ይጫን። ለክብ ራስ ጎድጓዳውን አፍ፣ ለተኛ ራስ ሰፊውንና ባለ ጎማ ቀለበቱን ተጠቀሙ። የላሜራውን መልክ መጠበቅ ከፈለጋችሁ የሪቬቱን ራስ በስስ ፕላስተር ሸፍኑት።
3. ደጋፊው ብረቱን ግንዱ ላይ ቀጥ አድርጎ ያሳርፍ። የመቺው ጫና ከደጋፊው ይበልጥ። ይህ ከተገለበጠ ራሱ ከላሜራው ይነሳል፣ ሥሩም ክፍተት ይቀራል።
4. ደጋፊው "ዝግጁ" ይበል። መቺው ይህን ቃል ሳይሰማ ጣቱን አያንቀሳቅስም።
5. አንድ አጭር ተኩስ። መቺው አፉን ከራሱ ላይ ሳያነሳ ይቁም።
6. ደጋፊው ይይና "ድገም" ወይም "ይበቃል" ይበል። ሌላ ቃል አትጠቀሙ። የጆሮ መከላከያ አድርጋችሁ ረጅም ወሬ አይሰማም።

መዶሻውን ከማንሳታችሁ በፊት ጣታችሁ ማስነሻውን መልቀቁን አረጋግጡ። ላሜራ ላይ የሚቀሩት የጨረቃ ቅርጽ ጉድጓዶች በአብዛኛው የሚመጡት አፉ ከራሱ ላይ ሸርተት ብሎ ሲመታ ነው።

ረጅም መስመር ላይ ከመሃል ጀምራችሁ ወደ ጫፍ ሂዱ። ከሁለቱም ጫፍ ወደ መሃል ከመጣችሁ ላሜራው ትርፉን የሚያሳልፍበት አጥቶ መሃል ላይ ያብጣል። ክሌኮዎቹንም ወደ ሪቬቱ ስትደርሱ ብቻ እያወጣችሁ ሂዱ።

ደረጃ 6፦ ለኩ

የተመታው ራስ ስፋት የሪቬቱ ውፍረት 1.5 እጥፍ፣ ቁመቱ ግማሽ ይሁን። ለ3.2 ሪቬት 4.8 ስፋትና 1.6 ሚሊሜትር ቁመት ማለት ነው። ለ2.4 ደግሞ 3.6 እና 1.2። በየአንዳንዱ ላይ ካሊፐር ማንሳት ያደክማል። ከቁርጥራጭ ላሜራ ላይ 4.8 እና 1.6 የሆኑ ክፍተቶች ያሉት መለኪያ ብትሠሩ ሥራው ይፈጥናል። በሁለቱም ራሶች ሥር ስስ ወረቀት ሞክሩ። የትም መግባት የለበትም።

ሲበላሽ ምን ይደረጋል?

*ራሱ ወፍራም ነው፣ ገና አልተጨፈለቀም።* ቀላል ነው፤ ድገሙት።

*ራሱ ወደ ጎን መተኛት ጀመረ።* ወዲያው ቁሙ። ብረቱን ራሱ ከተኛበት በተቃራኒ በጣም በትንሹ አዘንብላችሁ አጭር ተኩስ ስጡት። ብዙ ጊዜ ይመለሳል። ሙሉ በሙሉ ተኝቶ ቀዳዳውን ከገለጠ ግን ይውጣ።

*ከመጠን በላይ ተጨፍልቆ ስስ ሆነ።* ጠርዙ ከተሰነጠቀ ይውጣ። ላሜራው ዙሪያውን ካበጠ ደግሞ ቀጣዩን ከመምታታችሁ በፊት ግፊቱን ቀንሱ።

*በሁለቱ ላሜራዎች መካከል ክፍተት አለ።* ይህን በፍጹም አትለፉት። መልሶ በመምታት አይድንም። አውጡት፣ መካከሉን አጽዱ፣ ከጎንና ጎኑ ክሌኮ አስገብታችሁ አጥብቃችሁ ምቱ።

*ራሱ ላይ ትንሽ የአፍ ምልክት ቀረ።* ላሜራው ካልተቆረጠ ተዉት። ጭረቱ ላሜራው ላይ ከሆነ በደቃቅ የብርጭቆ ወረቀት አለስልሱና ፕራይመር ንኩት።

ጀማሪዎችን አንድ ነገር አደራ እላለሁ። ትንሽ ጉድለት ያለበትን ሪቬት ሁሉ አታውጡ። በጥቂቱ ያዘነበለ፣ ግን ስፋትና ቁመቱ የሞላ ሪቬት ቦታው ላይ ከመኖሩ ይልቅ ለማውጣት የሚደረገው ትግል ላሜራውን የበለጠ ይጎዳዋል። ከተጠራጠራችሁ ምልክት አድርጉበትና ሌላ ልምድ ያለው ዓይን ይየው።

የተበላሸን ሪቬት ማውጣት

1. ሥራው ሲያናድዳችሁ አትጀምሩ። ነገ አውጡት።
2. የኤዲ ሪቬት ራስ መሃል ላይ ያለችውን ነጥብ መነሻ አድርጉ። ነጥቧ ካልታየች ቡሊኖ (መሃል ማመልከቻ ሹል ብረት) ነክታችሁ መሃሉን አመልክቱ።
3. በሪቬቱ ልክ ወይም በአንድ ደረጃ በሚያንስ ፑንታ የራሱን ቁመት ያህል ብቻ ብሱ። ወደ ላሜራው አትውረዱ። ድሪሉን በእጅ እያዞራችሁ ብትጀምሩ ፑንታው አይሸሽም።
4. ቀዳዳው ውስጥ ቀጭን የብረት ዘንግ ከታችሁ ወደ ጎን ገፋ አድርጉት። ራሱ ይሰበራል።
5. ከኋላ ቀዳዳ ባለው እንጨት ላሜራውን አስደግፉና ግንዱን በዘንግ በቀስታ መትታችሁ አውጡ። ሳይደገፍ ከተመታ ላሜራው ይጎደጉዳል።
6. አልወጣም ካለ ግንዱን ይበልጥ በቀጭን ፑንታ ወደ ውስጥ ብሱት። ባዶ ሲሆን ይላላል፤ በፒንሳ ስባችሁ አውጡት።

ቀዳዳው ክብ ሆኖ ልኩን ከጠበቀ ያንኑ ዓይነት ሪቬት መልሳችሁ ምቱ። ከሰፋ ወይም የስምንት ቁጥር ቅርጽ ከያዘ ዝም ብላችሁ ትልቅ ራስ እየቀረጻችሁ ለመሸፈን አትሞክሩ። ወደሚቀጥለው ውፍረት እለፉ። ለ3.2 የሚቀጥለው 4 ሚሊሜትር ነው፣ ፑንታውም ቁጥር 21። ያኔ ከጠርዝ ያለው ርቀት ወደ 8 ሚሊሜትር ስለሚያድግ እንደገና ለኩ። ለተኛ ራስ ደግሞ ግንዱ ወፍራም፣ ራሱ ግን ትንሽ የሆነ ኤንኤኤስ1097 የሚባል የጥገና ሪቬት አለ። የ2.4ቱ ጎድጓዳ ውስጥ የ3.2 ግንድ ያለውን ያስገባላችኋል። ከጠርዝ ያለው ርቀት ካልሞላ ወይም ስፓሩ ላይ ስንጥቅ ካያችሁ ራሳችሁ አትወስኑ። የኪቱን አምራች ጠይቁ፤ ክፍሉን መቀየርም ሊኖር ይችላል።

ሽፋኑን ከመዝጋታችሁ በፊት

አንዴ ከተዘጋ በኋላ ውስጡን የሚያየው የለም። ስለዚህ፦

1. በእጅ ባትሪ እያንዳንዱን የተመታ ራስ ተመልከቱ። ያለፈውን በማርከር ነጥብ አድርጉበት።
2. ፍርፋሪና የወደቁ ሪቬቶችን በቫክዩም አውጡ። የቀረ ፍርፋሪ ቀለሙን እየፋቀ ዝገት ይጀምራል፤ የወደቀ ሪቬት ደግሞ መቆጣጠሪያ አጠገብ ሊቀረቀር ይችላል።
3. ፎቶ አንሱ። እናንተ ራሳችሁ ስትሠሩ የሚያሳይም ይኑር። በአሜሪካ ለምሳሌ አውሮፕላኑ በአማተር ሠሪ ምድብ እንዲመዘገብ የሥራው አብዛኛው ክፍል በግለሰብ ሠሪዎች፣ ለትምህርትና ለመዝናኛ መሠራቱን ማሳየት ግዴታ ነው።
4. መዝገቡ ላይ ቀኑን፣ የሠራችሁትን ክፍል፣ የቀየራችኋቸውን ሪቬቶች ቦታና ልክ ጻፉ።
5. የምትሠሩበት አገር ከመዘጋት በፊት ቁጥጥር የሚጠይቅ ከሆነ ተቆጣጣሪውን ጥሩ። ማረጋገጫው በጽሑፍ እስኪሰጣችሁ ድረስ ሽፋኑ በክሌኮ ተይዞ ይቆይ።